ከመጋረጃው ወደ ሞኒተሩ

ስድስት አመት ፊልም ላይ አርት ነው የሰራሁት፣ ማለት ቤቱንና ዕቃውን ማዘጋጀት። ሰው ፊልም ሲያይ ተዋናዩን ነው የሚያየው፣ የኔ አይን ግን እስካሁን መጀመሪያ የሚሄደው ኮመዲኖው ላይ ነው። የደርግ ጊዜ ቤት አዘጋጂ ከተባልኩ በቃ ቀኑን ሙሉ መርካቶ ምናለሽ ተራ ነኝ፣ አሮጌ ፊሊፕስ ራዲዮ፣ የሚለብሰው ዳንቴል፣ ጠርዙ የተላጠ ትሪ ምናምን ስፈልግ እውላለሁ፣ ካጣሁ የዘመድ ቤት ሄጄ "ነገ ማታ እመልሳለሁ" ብዬ ለምኜ እወስዳለሁ። ዕቃው ተገኘ ማለት ደግሞ አለቀ ማለት አይደለም። አዲስ ቀለም የተቀባ ግድግዳ ካሜራ ላይ ውሸቱ ያስታውቃል፣ ስለዚህ በሻይና በቡና ውሃ እናስረጀዋለን፣ በሩ ጋ ሰው ሲገባ ሲወጣ እጁን የሚያሳርፍበትን ደግሞ ለብቻው ጠቆር እናደርጋለን።

ዳይሬክት ላድርግ ስል "አንቺ እኮ የዕቃ ሰው ነሽ" ያሉኝ አሉ። ታዋቂው እንግሊዛዊ ዳይሬክተር ሂችኮክ እኮ በ1920ዎቹ እ.ኤ.አ ለንደን ውስጥ ድምፅ አልባ ፊልሞች ላይ የሚነበበውን ፅሁፍ ዲዛይን ከማድረግ ተነስቶ፣ በአርት ዳይሬክተርነት አልፎ ነው ዳይሬክተር የሆነው። አሜሪካዊቷ ዳይሬክተር ካትሪን ሃርድዊክም ለአመታት ፕሮዳክሽን ዲዛይነር፣ ማለት የአርቱ ስራ የበላይ፣ ሆና ሰርታ የመጀመሪያ ፊልሟን ያወጣችው በ2003 እ.ኤ.አ ነው። ለኔ ዕቃ ማወቅ ሰው ማወቅ ነው። ስክሪፕቱ ላይ "አዝናለች" የሚል ሳነብ ባሏ የሞተባት ሴት ረከቦቷ ላይ ስንት ሲኒ ትደረድራለች ብዬ ነው የማስበው፣ የሱንም ጨምራ ከደረደረች ብዙ ንግግር አያስፈልጋትም።

ግን የመጀመሪያው አጭር ፊልሜ ላይ ተሳሳትኩ። ተዋናይዋ ለለቅሶው ሲን ተዘጋጅታ አልጋው ላይ ቁጭ ብላለች፣ እኔ አርት የምትሰራዋን ልጅ ስራ ቀምቼ መጋረጃ አስተካክላለሁ፣ ትንሽ ወደ ግራ፣ ትንሽ ወደ ላይ እያልኩ የመስኮቱ ብርሃን ሄደ፣ እሷም የያዘችው ስሜት ጠፋባት። አራት ቴክ ወሰድን አንዱም አልሆነም። ማታ ቁጭ ብዬ ሳየው መጋረጃው በጣም ያምራል፣ እሷ ግን የለችም። በጣም ነው ያዘንኩት፣ ምክንያቱም ጥፋቱ የሷ አልነበረም።

አሁን ቤቱ ተዘጋጅቶ ካለቀ በኋላ ሁላችንም እንወጣና ተዋናይዋን ለግማሽ ሰአት ብቻዋን እተዋታለሁ፣ የፈለገችውን ታንሳ የፈለገችውን ታስቀምጥ። ባለፈው ስንገባ ቴርሞሱን ከጠረጴዛው አንስታ አልጋው ስር፣ እጇ የሚደርስበት ቦታ አድርጋዋለች። በሽተኛ ያስታመመ ሰው የሚያስቀምጥበት ቦታ ነው፣ እኔ አላሰብኩትም ነበር። አርት የምትሰራዋ ልጅ "ልመልሰው?" አለችኝ።

ተይው አልኳት።