ራሴን ለመተወን ራሴን ማስፈቀድ

ድሬዳዋ ላይ አጭር ኮሜዲ መሥራት ያን ያህል አይከብድም። ካሜራ ከጓደኛ ይገኛል። ቀፊራ ገበያ ከነቅስቶቹ ያለ ማስዋቢያ ያምራል። በማለዳ ወይም ከ10 ሰዓት በኋላ ቅረጹ፤ የቀትሩ ፀሐይ ሜካፕ ያቀልጣል። የደቻቱን ወንዝ አሸዋ ከፈለጋችሁ ክረምቱን እርሱት። የ1998ቱን ጎርፍ ያየ ከተማ በዚያ ወንዝ አይቀልድም።

የእኔ ጣጣ የመጣው ከስሜ ነው። ፊልሙ ላይ ራሴን ነው የምጫወተው፤ በስሜ፣ በሰፈሬ። የፊልሟ እኔ ግን ትንሽ ታወቅሁ ብላ ናላዋ የዞረ ናት። ከባጃጅ «አታውቀኝም እንዴ?» ብላ ሳትከፍል ትወርዳለች። ሌላ ሰው ብሸረድድ ይቀየመኛል። በራሴ ብቀልድ ማን ይከሰኛል?

የቀረጻ ፈቃድ ልጠይቅ ሄድኩ። ኃላፊው ጽሑፉን አገላበጡት።

«ይቺ ስሟ የሚጠፋው ሴትዮ ማናት?»

«እኔ ነኝ።»

«ተዋናይዋስ?»

«እሷም እኔው።»

መነጽራቸውን አወለቁ። ስሟ የተጠቀሰው ግለሰብ መስማማቷን የሚገልጽ ደብዳቤ አምጪ አሉኝ። አቦ! የቀለዱ መስሎኝ ሳቅኩ። እሳቸው አልሳቁም። ኮሪደሩ ላይ ቁጭ ብዬ «እኔ፣ እኔ በእኔ ላይ እንድቀልድ ፈቅጃለሁ» ብዬ ጻፍኩ። ፈረምኩ። ጣታቸውን ከፊርማው ሥር አሳርፈው «የተቀባይስ?» አሉ። ደግሜ ፈረምኩ። «ፊርማዎቹ ይመሳሰላሉ» አሉ። ይመሳሰላሉ! ምስክር አምጪ ተባልኩ። በር ላይ የቆመ ባጃጅ ሹፌር ለምኜ አስገባሁ። እሱ ሲፈርም ማህተም ያዥዋ ወጥታለች፣ ከሰዓት ነይ። የድሬን ከሰዓት የሚያውቅ ያውቀዋል። አሁንም ሳስበው ደሜ ይፈላል።

ሙሉ ጽሑፍ አስገቡ ይላሉ። እኔ ግን አጭር መግለጫ ብቻ ይዛችሁ ሂዱ እላለሁ። ገፀ ባህሪዋንም «አንዲት ኮሜዲያን» በሏት። ውሸት የለበትም። ሙሉው ከተጠየቀ ያኔ ይሰጣል።

ደግሞ ለፊልሟ እናንተ የምትሰጡትን ዐመል ምረጡ። እንቅልፋም፣ ወሬኛ፣ የፈለጋችሁትን አድርጓት፤ ገንዘብ ውስጥ ብቻ አትግቡ። ፊልሙ ከስልክ ስልክ ከዞረ ወዲህ ታይዋን ገበያ ጋ ባጃጅ ስይዝ «እህቴ፣ ሒሳብ በቅድሚያ» እባላለሁ። ያ ምስክሬ እንኳ አልማረኝም። ትወናዬ አሳምኗቸዋል፣ ደስ ይለኛል። ዝርዝር ሳልይዝ ግን ከቤት አልወጣም።