ለቅሶ ልደርስ አይስላንድ

የአክስቴ ልጅ ስቶክሆልም ስታገባ ከቨርጂኒያ የቆረጥኩት ትኬት በአይስላንድ በኩል የሚያልፍ ነበር። ሁለት ቀን እዚያ አርፌ እንደምመጣ ለአክስቴ ደውዬ ነገርኳት።

«እዚያ ደግሞ ማን አለህ?»

«ማንም። አንድ መቃብር አይቼ ነው የምመጣው።»

«ውይ! ማን ሞቶ ነው?»

ቦቢ ፊሸር አልኳት። ትንሽ አሰበች። «የማን ልጅ ነው?»

የቼዝ ተጫዋች እንደሆነ፣ ከሞተም ብዙ ዓመት እንዳለፈው ሳስረዳት ሳቋን ለቀቀችው። ምን ታድርግ። እኔ ግን ልጅ ሆኜ የጠፋውን ፈረስ በቆርኪ ተክተን ከምንጫወትበት ሰሌዳ አጠገብ የፊሸር ስም ሳይነሳ የዋለበትን ቀን አላስታውስም። በ14 ዓመቱ የአሜሪካ ሻምፒዮን፣ በ15 ዓመቱ ግራንድ ማስተር፣ የቼዝ ትልቁ ማዕረግ። እኛ በዚያ ዕድሜ ሚኒስትሪ ነበር የሚያስጨንቀን።

ሬይኪያቪክ በሐምሌ አይመሽም። ከሌሊቱ ስድስት ሰዓት ላይ ሰማዩ ገና እንደ ማለዳ ነው። «በበጋ ምን ብርድ አለ» ብዬ ካፖርቴን ትቼ መምጣቴን ግን ነፋሱ በአምስት ደቂቃ ውስጥ አስጸጸተኝ።

መጀመሪያ የሄድኩት ላውጋርዳልስሆል ወደሚባለው አዳራሽ ነው። ተራ የስፖርትና የኮንሰርት አዳራሽ ነው፤ ሳታውቀው ብታልፍ ዞር ብለህ አታየውም። የዓለም ዓይን ሁለት ወር ሙሉ የተተከለው እዚህ ላይ ነበር። ዘመኑ 1972፣ በእኛ 1964 ዓ.ም. ነው። ሐምሌና ነሐሴን ሙሉ የዓለም ሻምፒዮኑ ሶቭየቱ ቦሪስ ስፓስኪና አሜሪካዊው ፊሸር ለዘውዱ እዚህ ተቀምጠው ተፋጠጡ።

ፊሸር እዚያ የደረሰበት መንገድ ራሱ ጉድ ነው። በ1971 ታይማኖቭን 6 ለ 0፣ ላርሰንን 6 ለ 0 አሸነፈ። እነዚህ በዓለም ጫፍ የነበሩ ሰዎች ናቸው፤ አንድ አቻ እንኳ አልተዋቸውም። ከዚያ ፔትሮስያንን 6.5 ለ 2.5 (አቻ ግማሽ ነጥብ ነው)። ይህን ሁሉ አድርጎ ግን ውድድሩ ሲደርስ አልመጣም! ገንዘቡ አነሰ አለ። አንድ እንግሊዛዊ ባለሀብት ከኪሱ 50 ሺህ ፓውንድ ጨመረለት፣ የፕሬዚዳንት ኒክሰን አማካሪ ኪሲንጀር ደወለለት፣ እንደ ሙሽራ ተለምኖ መጣ።

የመጀመሪያውን ጨዋታ ተሸነፈ። አቻ ሊወጣ በሚችል ጨዋታ ቢሾፑን ልኮ አንዲት ፖን (ተራ ወታደር) በላና ቢሾፑ እዚያው ታሰረበት። ጀማሪ የሚሠራው ስህተት ነው። ለሁለተኛው ጨዋታ ካሜራዎቹ ካልተነሱ ብሎ ቀረ፤ በፎርፌ 2 ለ 0።

አዳራሹ በር ላይ ቆሜ ሳስብ የነበረው ግን ስለ ፊሸር አይደለም። ስለ ስፓስኪ ነው። በዚያ ሰዓት ሻንጣውን ሸክፎ ቢሄድ ማንም አይፈርድበትም ነበር። ዘውዱ እጁ ላይ ነው፣ አለቆቹም አገርህ ግባ እያሉት ነበር። እሱ ግን መጫወት ፈለገ። ሦስተኛውን ጨዋታ ከመድረኩ ጀርባ፣ ተመልካች በሌለባት ክፍል እንጫወት ሲባል እሺ አለ። ፊሸር እስከዚያ ቀን ስፓስኪን አንድም ጊዜ አሸንፎት አያውቅም ነበር። በዚያች ክፍል አሸነፈው። ከዚያ በኋላ የሚያቆመው ጠፋ።

ስድስተኛው ጨዋታ ላይ ደግሞ የሆነውን ስሙ። ፊሸር አስውቦ አሸነፈ፤ ተመልካቹ አጨበጨበ። ስፓስኪም ተነስቶ አብሮ አጨበጨበ። የዓለም ሻምፒዮን፣ ገና አሁን የተሸነፈ ሰው፣ በቀዝቃዛው ጦርነት መሃል! ልጅ ሆኜ ይህን ስሰማ «ፈሪ ነው» ብዬ ነበር። አሁን ሳስበው ፈሪው እኔ ነበርኩ፤ ስሸነፍ ሰሌዳውን እገለብጥ ነበር።

የሚያስቀውንም ልንገራችሁ። ነሐሴ ላይ የሶቭየት ቡድን ፊሸር በድብቅ መሣሪያ እያፈዘዘብን ነው ብሎ ወንበሮቹ በኤክስሬይ ተመረመሩ፣ የመብራቱም ዕቃ ተፈታ። የተገኘው ሁለት የሞቱ ዝንቦች። በመጨረሻ ውጤቱ 12.5 ለ 8.5 ሆነ፤ 21ኛው ጨዋታ በማግስቱ ሊቀጥል ሲል ስፓስኪ በስልክ መሸነፉን ተናገረ።

በማግስቱ በአውቶቡስ ወደ ሰልፎስ ወጣሁ፤ ወደ 60 ኪሎ ሜትር ነው። መንገዱ ጥቁር የእሳተ ገሞራ ድንጋይ መሃል ያልፋል፣ ከመሬት ውስጥ እንፋሎት እየተትጎለጎለ። አፋር በረዶ ዘንቦበት አስቡት። ከተማዋ ውስጥ ለፊሸር የተሠራች ትንሽ ሙዚየም አለች፤ የ1972ን ፎቶዎች አየሁና መቃብሩ ወዳለበት ላውጋርዳይሊር በእግሬ ቀጠልኩ። ቅርብ ነው ብዬ ነበር። ነፋሱ ጃንጥላዬን ገልብጦ ሰበረው፣ መንገድም ተሳሳትኩና አንድ የከብት እርባታ ግቢ ገባሁ።

ትንሽ ቤተ ክርስቲያን፣ ጥቂት መቃብሮች፣ ዙሪያው ሜዳ። የፊሸር ድንጋይ ላይ ስሙና ሁለት ቀኖች ብቻ አሉ፤ መጋቢት 9፣ 1943 እና ጥር 17፣ 2008፣ በፈረንጅ አቆጣጠር። የኖረው 64 ዓመት ነው፤ የቼዝ ሰሌዳም 64 ቤት ነው። የተቀበረው ጥቂት ሰዎች ብቻ ባሉበት ነበር። በ2010 የአንዲት ልጅ አባት ነው አይደለም የሚለው አከራክሮ አስከሬኑ ወጥቶ ናሙና ተወሰደ፤ ልጅቷ ልጁ አልሆነችም። ሞቶም አላረፈም።

ቆሜ ልቤ ተከፈለ። ይህ ሰው ዘውዱን በ1975 ሳይጫወት ለሶቭየቱ ካርፖቭ ለቀቀ። በ1992 ማዕቀብ በተጣለባት ዩጎዝላቪያ ከስፓስኪ ጋር ዳግም ተጫውቶ አሸነፈ፣ አገሩም የእስር ማዘዣ አወጣችበት። እናቱ አይሁዳዊት ሆና ሳለ አይሁዶችን ሲራገም ኖረ፤ በፈረንጅ መስከረም 11 ቀን 2001 የኒው ዮርክ ሕንጻዎች ሲወድቁ ደስ አለኝ አለ። ይህን እያወቅሁ አበባ ማስቀመጥ ከበደኝ። አላስቀመጥኩም።

አንድ ነገሩ ግን ይገርመኛል። ቼዝ የቃል ጥናት ሆነ ብሎ የኋላ ረድፉ በዕጣ የሚደረደርበትን ጨዋታ አመጣ፤ 960 ዓይነት አጀማመር አለው። አያቶቻችን የአገራችንን ቼዝ፣ ሰንጠረዥን፣ ሲጫወቱ መጀመሪያው «ወረራ» የሚባለው ነበር፤ አንድ ጠጠር እስኪበላ ድረስ ተራ የሚባል ነገር የለም፣ ሁለቱም እንደፈለጉ ያንቀሳቅሳሉ። በቃል የሚያዝ አጀማመር ከየት ይመጣል? ቢያየው ይወደው ነበር እላለሁ።

በ2004 ፊሸር ጃፓን ውስጥ ሲታሰር ስፓስኪ ለፕሬዚዳንት ቡሽ ጻፈ፤ እኔንም እሰሩኝ፣ ከእሱ ጋር አንድ ክፍል አስገቡን፣ የቼዝ ሰሌዳም ስጡን አለ። አይስላንድ ደግሞ በ2005 ዜግነት ሰጥታ አስወጣችው። ፊሸር ከሞተ በኋላ ስፓስኪ እዚህ መቃብር ድረስ መጥቶ ነበር። እኔ የቆምኩበት ሣር ላይ ቆሟል ማለት ነው።

ስቶክሆልም ስደርስ አክስቴ በር ላይ ሳመችኝና «ለቅሶው እንዴት ነበር?» አለችኝ። ስለ ስፓስኪ አወራኋት፤ ስለ ጭብጨባው፣ ስለ ደብዳቤው። ሽንኩርቷን እየከተፈች ሰማችኝ።

«እሱስ አለ?»

«በ2025 ሞስኮ ሞተ።»

ቢላዋዋን አስቀመጠች። «እንግዲህ ደግሞ ሞስኮ ሄዳለሁ እንዳትለኝ።»