አለቃ ገብረ ሐና ምንም ሳይሉ ሲያልፉ

ቀልድ የሌለበት ቀልድ ማውራት የለመድኩት ዘመድ አዝማድ በሚሰበሰብባቸው የበዓል ምሽቶች ነው። ፈረንጆቹ ዘንድ የዚህ ዓይነቱ ታዋቂ ጥያቄ "ዶሮዋ ለምን መንገዱን ተሻገረች?" የሚለው ነው፤ መልሱ "ወዲያ ማዶ ለመድረስ"። እ.ኤ.አ. በ1847 ኒው ዮርክ ይታተም በነበረው ኒከርቦከር መጽሔት ላይ ወጥቷል። እኛ ቤት ግን አላመጣሁትም። ሰሚው አስቀድሞ ብልጠት ያለው መልስ መጠበቅ አለበት፤ ያልጠበቀ ሰው "እና?" ብሎ ዶሮ ወጡን መብላት ይቀጥላል።

እኛ አጥብቀን የምንጠብቀው የአለቃ ገብረ ሐናን ነገር ነው። ስማቸው ገና ሲነሳ ሰው ፈገግ ይላል። እናም ፊቴን ኮስተር አድርጌ ጀመርኩ፦

"አለቃ አንድ ማለዳ አህያ የምትነዳ ሴት አገኙ። 'እንደምን አደርሽ?' አሏት። 'እግዚአብሔር ይመስገን፣ እርስዎስ?' አለች። 'ደኅና' ብለዋት አለፉ።"

ሁሉም አፍ አፌን ያያል። የአክስቴ ልጅ አላስቻላትም፤ "ከዚያስ?"

"ከዚያማ ሴትዮዋ ገበያ ደረሰች።"

ቤቱ በሳቅ የተናወጠው ያኔ ነው። ጀርመናዊው ፈላስፋ ካንት እ.ኤ.አ. በ1790 ሳቅ የሚመጣው የተወጠረ ጉጉት በድንገት ወደ ምንም ሲለወጥ ነው ብሎ ጽፏል። እኔ የምጨምረው ቢኖር ያቺ "ከዚያስ" ከሰሚው አፍ መውጣት አለባት። ስለዚህ ተራኪው ዝም ብሎ መጠበቅ ይልመድ፤ ቀድሞ ከሳቀማ የተበላሸ ቀልድ ያወራ ይመስላል። በአንድ ምሽት መደጋገምም አይሆንም። ሰው ከነቃ የሚጠብቀው ነገር የለም፤ መሀል ላይ እውነተኛዎቹን የአለቃ ጨዋታዎች ጣል ጣል አደርጋለሁ።

ቅኔ የቆጠሩት አጎቴ ግን "ቆይ፣ ይሄ ወርቅ ሳይኖረው አይቀርም" ብለው "ደኅና"ን ሲያገላብጧት አመሹ። ከሁሉ በላይ ያሳቁን እሳቸው ናቸው።

ለልጆቹ እንቆቅልሽ ይሻላል። መጀመሪያ የታወቀውን አመጣለሁ፦ "ስሄድ አገኘኋት፣ ስመለስ አጣኋት።" ጤዛ። አሁን ጆሯቸው ምስጢር ፍለጋ ላይ ነው።

"እንቆቅልሽ?"

"ምን አውቅልህ!"

"አራት እግር አላት፣ ሣር ትግጣለች፣ ትታለባለች።"

ትንሿ የእህቴ ልጅ ደመና አለች፣ ወንበር አለች፣ ባቡርም አለች። "በይ አገር ስጪኝ" አልኳት። ጎንደርን ሰጠችኝ። ጎንደር ገብቼ እንደ ወጉ ስበላ ስጠጣ ቆየሁና መልሱን ነገርኳት፦ "ላም።"

"ላም?! ጎንደርን መልስ!"

ወንድሞቿም ተባበሩባትና ጎንደርን ከነቤተ መንግሥቱ አስረከብኩ።