የተተኮሰ ሸሚዝ

ዛሬ ግንቦት 10 ነው፤ በፈረንጆቹ ሜይ 18፣ የሄይቲ የባንዲራ ቀን። ፍላትቡሽ ሰፈር ሰማያዊና ቀይ ለብሶ ዋለ። በ1803 እ.ኤ.አ. በሄይቲዋ አርካሄ ከተማ ካትሪን ፍሎን የምትባል ሴት ሰፋችው የሚባለው ባንዲራ እዚህ ኒውዮርክ፣ ብሩክሊን የልጃገረዶች ሻሽ፣ የጎረምሶች ሹራብ ሆኗል።

የሌሊት ፈረቃ አብሮኝ የሚሠራው ልጅ ነጭ ሸሚዝ ለብሶ መጣ። የእጅጌው መስመር እንደ ምላጭ ነው። እንዳማረበት ስነግረው ዝም አለ፤ ኋላ ሻይ ስንጠጣ አጫወተኝ።

ከ2010ሩ የመሬት መንቀጥቀጥ በኋላ ከእናቱ ጋር ከሄይቲ ሲመጡ አሥራ አንድ ዓመቱ ነበር። የመጀመሪያ የትምህርት ቀን እናቱ ሸሚዝና ሱሪውን ተኩሳ ሰደደችው። በእነሱ አገር ልጅ ሳይተኮስለት ትምህርት ቤት ከሄደ የሚታማው እናቱ ናት። እዚህ ግን ልጆቹ ሳቁበት፤ ገና ከጀልባ የወረደ አሉት። ከዚያ ወዲያ ጠዋት ጠዋት ደረጃው ሥር ቆሞ ሸሚዙን በእጁ ይጨማድደው ጀመር። ከየት ነህ ሲሉት ከጃማይካ ይላል።

አንጀቴን የበላው ሌላ ነው። ሸሚዙ የአሜሪካ ነበር! ከአሜሪካ በመርከብ የሚሄደውን አሮጌ ልብስ ፔፔ ይሉታል፤ የእኛ ሰልባጅ ማለት ነው። አሜሪካ የጣለችውን ሸሚዝ እናቱ ፖርቶ ፕሪንስ ገበያ ላይ ተከራክራ ገዛችው፣ አጠበችው፣ ተኮሰችው፣ ልጇን አልብሳ ወደ አሜሪካ መልሳ አመጣችው። ከሄይቲ የመጣው መተኮሱ ብቻ ነበር። የተሳቀውም በእሱ ነው።

እኔም ከሰልባጅ ቦንዳ ተመርጦ በተገዛ ሹራብ ነው ያደግሁት። እናቴ ሁለቴ በፈላ ውኃ ካላጠበችው አታለብሰኝም ነበር። እዚያ ግን ሁላችንም ያው ስለነበርን የሚስቅብኝ አልነበረም።

አገርን መደበቅ በእሱ አልተጀመረም። ቀድመው የመጡት ሄይቲያውያን በኤድስ ሰበብ ደም እንዳይለግሱ የአሜሪካ መንግሥት ከልክሏቸው፣ በኤፕሪል 1990 በአሥር ሺዎች ሆነው የብሩክሊንን ድልድይ በሰልፍ ተሻግረዋል። ያንን ሰልፍ ትምህርት ቤት ቢያስተምሩት ኖሮ ጃማይካዊ ነኝ አይልም ነበር ብዬ አምናለሁ።

«ዛሬስ ማን ተኮሰልህ?» አልኩት።

ራሱ ነበር የጀመረው። እናቱ ወንበር ላይ ሆና ስታየው ቆየች፤ ኮሌታው ላይ ሲደርስ አላስቻላትም። ተነስታ ካውያውን ከእጁ ወሰደች።