ኪዮቶ በእግር

ዛሬ የጃፓኗን ከተማ ኪዮቶን በእግራችን ስንዞር ዋልን። አስጎብኚያችን ለእኔና ለባለቤቴ ብቻ ስለነበሩ፣ ደስ ያለን ቦታ እስኪበቃን ቆምን። ተወልደው ያደጉት እዚሁ ነው። የሰፈሩን ጉድ አንድም ሳያስቀሩ ነገሩን።

ልቤን የወሰደው ኒጆ ቤተ መንግሥት ነው። የጃፓን ወታደራዊ ገዥ (ሾገን) የነበረው ቶኩጋዋ ኢዬያሱ እ.ኤ.አ. በ1603 ያሠራው። ጫማ አውልቀን በካልሲ ገባን። ወለሉ ሲረግጡት እንደ ወፍ ይንጫጫል! ቀስ ብዬ ብራመድም ዝም አይልም። በኋላ በውጭ በኩል ዞረን ከሥሩ አጎንብሰን አየን፤ ሳንቃውን የያዙት ብረቶችና ምስማሮች ሲፋተጉ ነው ያ ሁሉ ዜማ የሚወጣው። የመጨረሻው ሾገን ዮሺኖቡ በ1867 ሥልጣኑን ለንጉሠ ነገሥቱ እንደሚመልስ ያስታወቀውም እዚሁ ግቢ ውስጥ ነው። እዚያ ቆሞ ይህን መስማት ያስደነግጣል።

ኪዮሚዙዴራ የሚባለው የቡድሃ ቤተ መቅደስ ሰው በሰው ነበር። ግን ከሥር ቀና ብላችሁ እዩት። 13 ሜትር የሚደርሰው የእንጨት ሰገነት ምሰሶዎች ያለ ምስማር ነው የተጋጠሙት። ከ1633 ጀምሮ ቆሟል። የአናጺዎቹ እጅ ይባረክ!

ጊዮን የሚባለው ሰፈር ስንደርስ አስጎብኚያችን ከአንድ ጠባብ መንገድ አፍ ላይ አቆሙን። ለጎብኚ የተከለከለ ነው። ጌይሻዎቹን፣ ማለትም በሙዚቃና በጭፈራ እንግዳ የሚያዝናኑትን ሴቶች፣ በካሜራ የሚያሳድዱ ሰዎች ነዋሪውን አማርረውታል። እኔ በበኩሌ ደግ አደረጉ እላለሁ፤ የሰው ደጅ ነው።

የምትመጡ ካላችሁ ኒጆን በጠዋት ጀምሩት፤ ሰው ሳይበዛ ወለሉ በደንብ ይሰማል።