የፊሊፒንስን የቆዩ የአዋቂ ፊልሞች እንዴት እንዳጠናሁ

የፊሊፒንስን የቆዩ የአዋቂ ድራማዎች ለማጥናት በቅድሚያ ያደረግኩት ፊልሞቹን በሳንሱሩ ዘመን መከፋፈል ነው። በዳይሬክተር ብደረድራቸው ኖሮ አንዱ ዕርቃን ሲያሳይ ሌላው ለምን በልብስ እንደሸፈነው አይገባኝም ነበር። (ዓመቶቹ በሙሉ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።)

የመጀመሪያው ክፍል ከ1970 እስከ ሴፕቴምበር 1972 ነው። ሕዝቡ «ቦምባ» ብሎ የጠራቸው ዕርቃን የሚያሳዩ ፊልሞች የተነሡት ተዋናይት ሜርሌ ፈርናንዴዝ በተወነችበት «ኡሃው» (1970) ነው። በዚያው ዓመት የማኒላ ተማሪዎች ፕሬዝዳንት ማርኮስን ተቃውመው አደባባይ ወጥተው ነበርና ፊልሞቹን ከዓመቱ ዜና ጋር ጎን ለጎን ነው ያየኋቸው።

ሁለተኛው ክፍል የሚጀምረው ማርኮስ የማርሻል ሕግ (ወታደራዊ አገዛዝ) ሲያውጅ ነው፤ ያኔ ዕርቃን ተከለከለ። ፊልም ሠሪዎቹ ግን መላ አላጡም፤ በ1974 ዳይሬክተር ሴልሶ አድ ካስቲሎ የ1969ዋን ሚስ ዩኒቨርስ ግሎሪያ ዲያዝን ውሃ ባራሰው ስስ ልብስ ቀረጻት። ልብስ ለብሳለችና ሕጉ አልተጣሰም፤ ተመልካቹም የመጣበትን አላጣም።

በዚሁ አፈና ውስጥ የተሠራው የሊኖ ብሮካ «ኢንሲያንግ» (1976) ግን ከሁሉም ይበልጥብኛል። ታሪኩ የማኒላ ድሆች መንደር ቶንዶ ውስጥ ነው። ገና ሲጀምር ቄራ ውስጥ አሳማ ሲታረድ ያሳያል፤ የባለታሪኳ የኢንሲያንግ እናት ውሽማ ዳዶ የሚሠራው እዚያ ነው። ልጅቷን ይደፍራታል፤ እናት ግን ከልጇ ይልቅ እሱን ታምናለች። ቤቶቹን ልብ ብላችሁ እዩ፤ ከመጣበባቸው የተነሣ በር ቢዘጋም ጎረቤት ይሰማል። የድህነቱ ክፋት ጎልቶ የታየኝ እዚህ ላይ ነው፤ ገመና የሚሸሸግበት ቦታ የለም።

ሦስተኛው ክፍል ከ1982 በኋላ ነው። የማርኮስ ልጅ ኢሚ ትመራው የነበረው የሙከራ ሲኒማ ተቋም ከሳንሱር ነፃ ስለነበር በማኒላ ፊልም ማዕከል ያልተቆረጡ ፊልሞች እያሳየ ገንዘብ ይሰበስብ ነበር። ከ1983ቱ የተቃዋሚው መሪ የኒኖይ አኪኖ ግድያ በኋላ ደግሞ ጎዳናው በሰልፍ ይናጥ ነበር። የፔኬ ጋላጋ «ስኮርፒዮ ናይትስ» (1985) የወጣው በዚህ ጊዜ ነው። ተማሪው በወለሉ ቀዳዳ አጮልቆ ከታች የምትኖረውን የጥበቃ ሠራተኛ ሚስት ያያል፤ ሽጉጥ የታጠቀው ባል ድንገት ይመጣል የሚለው ፍርሃት አይለቅም። ይህን ፍርሃት ከዘመኑ ለይቼ ማየት አልቻልኩም።

ቅጂ ስመርጥ መጀመሪያ ርዝመቱን አያለሁ። በሴኮንድ 24 ፍሬም የተቀረጸ ፊልም ወደ ፓል (በአውሮፓና በሌሎች አገሮች ይሠራበት የነበረ የቴሌቪዥን ሥርዓት) ቪዲዮ ሲገለበጥ በ25 ስለሚሄድ 100 ደቂቃው 96 ይሆናል፤ ይህ መቆረጥ አይደለም። ከዚያ በላይ ከጎደለ ግን ትዕይንት መውጣቱን እጠረጥራለሁ። ቀጥሎ ቀለሙን አያለሁ። የዚያን ጊዜ የቀለም ፊልም በሙቀት ሲደበዝዝ ወደ ቀይ ያደላል፤ ያንን የዳይሬክተሩ ምርጫ ነው ብሎ መተንተን አያዋጣም። አሲቴት ከተባለው ፕላስቲክ የተሠራ ፊልም ደግሞ በማኒላ ሙቀትና እርጥበት ኮምጣጤ ኮምጣጤ እየሸተተ ይኮማተራል። የቪኤችኤስ (የቪዲዮ ካሴት) ቅጂ ብዙ ጊዜ የምስሉን ግራና ቀኝ ስለሚቆርጥ ጥግ ላይ የቆመ ተዋናይ ጨርሶ ላይታይ ይችላል።

ለጀማሪ የምመክረው በ2015 ጣሊያን ቦሎኛ ከተማ የታደሰውን «ኢንሲያንግ» ነው፤ የሌሎቹን ቅጂዎች ቀለም ከእሱ ጋር እያነጻጸሩ መመዘን ይቻላል።