ያልታሸ ሊጥ፦ ከናሽቪል እስከ ኖክስቪል

በአሜሪካዋ ቴነሲ ግዛት ከናሽቪል ወደ ኖክስቪል የሚወስደው አይ-40 አውራ ጎዳና 290 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ሳይነጋ የተነሳ ተጓዥ ጀምበር ስትወጣ ኩክቪል ይደርሳል፤ የቁርስ ቤቶቹ ኦቨን በዚያ ሰዓት ግሏል። እዚያ አንዲት ትንሽ ቁርስ ቤት ገብቼ፣ ጋጋሪዋ ስለፈቀዱልኝ ከጠረጴዛቸው ዳር ቆሜ ሁለት ዙር ቢስኪትና አንድ መጥበሻ ግሬቪ ሲሠራ ተመለከትኩ። ይህ ማስታወሻ የተጻፈው ቤቱ ሊሞክረው ለሚፈልግ ሰው ነው።

ስሙ እንዳያሳስት። ቢስኪት ሱቅ በፓኬት የሚሸጠው ጣፋጭ ብስኩት አይደለም፤ በዘይት የሚጠበሰውም አይደለም። እርሾ የማይገባበት፣ በቤኪንግ ፓውደር የሚነሳ፣ አናቱ ቀላ ያለ፣ ሆዱ በስሱ የሚላጥ ትኩስ ትንሽ ዳቦ ነው። ግሬቪው ደግሞ ከቋሊማ ስብ፣ ከዱቄትና ከወተት የሚሠራ ወፈር ያለ ነጭ ስጎ ነው።

ለስምንት ፍሬ ልኩ እንዲህ ነው፦ 240 ግራም ዱቄት፣ 1 የሾርባ ማንኪያ ቤኪንግ ፓውደር፣ ሩብ የሻይ ማንኪያ ቤኪንግ ሶዳ፣ ሦስት አራተኛ የሻይ ማንኪያ ጨው፣ 85 ግራም ቀዝቃዛ የገበታ ቅቤና 180 ሚሊ ሊትር በተርሚልክ። በተርሚልክ የሚሉት የእኛው አሬራ ዘመድ ነው። አሬራ ቅቤው ከወጣለት በኋላ የሚቀረው ሲሆን፣ እዚያ ሱቅ የሚሸጠው ግን ባክቴሪያ ተጨምሮበት የኮመጠጠ ወተት ስለሆነ ወፈር ይላል። በአሬራ የሚሠራ ሰው 150 ሚሊ ሊትር ብቻ ጨምሮ ሊጡን ይየው፤ ከደረቀበት ይጨምራል። ሁለት እጅ እርጎ በአንድ እጅ ወተት ቀጥኖም ይሆናል። ተራ ወተት ብቻውን ግን አይሆንም፤ ሶዳው የሚሠራው ኮምጣጣ ሲያገኝ ነው።

ቅቤው ከፍሪጅ እንደወጣ ይከተፋል፣ ከዱቄቱ ጋር በጣት ጫፍ እየተፈተገ የሽምብራ ፍሬ እስኪያህል ይደቃል፤ ከዚያ በላይ አይነካም። ቅቤ ውስጥ ከመቶ 16 ገደማ ውሃ አለ። ያ ውሃ ኦቨን ውስጥ በድንገት ወደ እንፋሎት ሲለወጥ ሊጡን ወደ ላይ ይገፋዋል፤ ቅቤው የነበረበት ቦታ ክፍተት ይሆናል። የሚላጠው ሆዱ የሚመጣው ከዚህ ነው። እጅ ላይ የቀለጠ ቅቤ ዱቄቱ ውስጥ ሰርጎ ይቀራል። የተነጠረ ቅቤም ጣዕሙ ምንም ያህል ቢያምር ውሃው ስለወጣለት ለዚህ አይመችም።

በተርሚልኩ ሲገባ በማንኪያ አሥራ አምስት ጊዜ ያህል ማዞር ይበቃል። ሊጡ የተዝረከረከ፣ እዚህም እዚያም ደረቅ ዱቄት የሚታይበት ነው። አምባሻና ድፎ ዳቦ የለመደ እጅ እዚህ ላይ ይቸገራል፤ እኔም እጄን ስዘረጋ ጋጋሪዋ «ተወው፣ ይጣበቅ» አሉኝ። እሳቸው ሊጡን ዱቄት በተነሰነሰበት ጠረጴዛ ላይ ገልብጠው፣ በመዳፋቸው ጠፍጠፍ አድርገው፣ እንደ ደብዳቤ ሦስት ቦታ አጠፉት፤ ዘወር አድርገው ደገሙት። አራት ጊዜ። በአራተኛው የተዝረከረከው ሊጥ ጎኑ ላይ ቢጫ የቅቤ ሰረዝ እየታየበት ልሙጥ ሆነ፤ አንድ ጊዜም አልታሸም።

ውፍረቱ 2 ሳንቲ ሜትር ተኩል ይሁን። መቁረጫው ዱቄት ተነክሮ ቀጥ ብሎ ይወርዳል፣ ቀጥ ብሎ ይወጣል። ከተጠመዘዘ ጠርዙ ይጣበቅና ቢስኪቱ ወደ አንድ ጎን አዘንብሎ ይነሳል። አፉ ወፍራም በሆነ ብርጭቆ መቁረጥም ያው ነው። በመጋገሪያው ላይ ጎን ለጎን ተነካክተው ይደረደራሉ፤ ሲደጋገፉ ወደ ጎን ከመንጣለል ወደ ላይ ያድጋሉ። በ230 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ ከ12 እስከ 15 ደቂቃ።

ጠፍጣፋ ሆኖ ከወጣ ወይ ቅቤው ሞቆ ነበር፣ ወይ ቤኪንግ ፓውደሩ አርጅቷል። ግማሽ የሻይ ማንኪያ ሙቅ ውሃ ውስጥ ሲጨመር ካልፈላ ይጣል። ከደረቀና ለማኘክ ካስቸገረ ሊጡ ታሽቷል። የሳሙና ጣዕም ከመጣ ሶዳው በዝቷል። አዲስ አበባ የሚጋግር ሰው ደግሞ ከ2,300 ሜትር በላይ መሆኑን ያስብ፤ የአየሩ ግፊት ዝቅተኛ ስለሆነ ጋዙ ቶሎ አብጦ ሊጡ ሳይበስል ይሟሽሻል። ቤኪንግ ፓውደሩን ወደ 2 የሻይ ማንኪያ ማውረድ ያስፈልጋል።

ግሬቪው የሚሠራበት ከባዱ የብረት መጥበሻ የዚያው ግዛት ልጅ ነው፤ ሎጅ የተባለው ፋብሪካ በቴነሲዋ ሳውዝ ፒትስበርግ ከ1896 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ብረት እያቀለጠ መጥበሻ ይሠራል። ቋሊማው አንጀት ውስጥ ያልተሞላ የተፈጨ የአሳማ ሥጋ ነው፤ ሴጅ የሚሉት ቅጠልና ቁንዶ በርበሬ ገብቶበታል። 450 ግራሙ በመካከለኛ እሳት እየተፈረፈረ፣ መጥበሻው ታች ቡናማ ቅርፊት እስኪይዝ 10 ደቂቃ ያህል ይጠበሳል። ስቡ አይደፋም። 4 የሾርባ ማንኪያ ዱቄት ሥጋው ላይ ተነስንሶ የጥሬ ዱቄት ሽታ እስኪጠፋ 2 ደቂቃ ይማሰላል፤ ቀጥሎ 700 ሚሊ ሊትር ወተት በሦስት ጊዜ ይገባል፣ መጀመሪያ ጥቂቱ። ሽሮ የሚያውቅ ሰው መጓጎልን ያውቃል። እዚህ የሚከላከለው ስቡ ነው፤ እያንዳንዷን የዱቄት ቅንጣት ስለሚሸፍን እርስ በርስ አትያያዝም። ስቡ ካነሰ ወይም ወተቱ በአንዴ ከተገለበጠ ግን ይጓጉላል። በመለስተኛ እሳት ከ5 እስከ 7 ደቂቃ ይንተክተክ። ማማሰያው ጀርባ ላይ በጣት መስመር ሲሰመር ካልተገናኘ ደርሷል። 1 የሻይ ማንኪያ ሸካራ ቁንዶ በርበሬ ይጨመርና ጨው በመጨረሻ ይቀመሳል፤ ቋሊማው ራሱ ጨዋማ ነው።

አሳማ ለማይበላ፣ እኛ ዘንድ ብዙው ሰው እንደዚያ ነውና፣ የተፈጨ የተርኪ (ከዶሮ የሚተልቅ የፈረንጅ ወፍ) ወይም የበሬ ሥጋ ይሆናል። ለ450 ግራም 1 የሻይ ማንኪያ ጨው፣ 1 የሻይ ማንኪያ ደረቅ ሴጅ፣ ግማሽ የሻይ ማንኪያ ቁንዶ በርበሬና ጥቂት ጦስኝ። ተርኪ ስብ ስለሌለው 30 ግራም ቅቤ ይጨመርበት፤ ያለዚያ ዱቄቱ የሚለብሰው ነገር ያጣል። ሚጥሚጣ በቁንጥር ይስማማዋል፤ ከበዛ ኮረሪማው ሴጁን ይውጠዋል።

ቢስኪቱ በቢላ አይቆረጥም፤ በእጅ ለሁለት ይፈለጥና ግሬቪው ገበታ ላይ ይፈስበታል። ቆሞ ከጠጠረ አንድ ሁለት ማንኪያ ወተት ይመልሰዋል።

ከኩክቪል ወደ ምሥራቅ ሲኬድ ክሮስቪልን ካለፉ በኋላ የሰዓት ክልሉ ስለሚለወጥ ሰዓቱ በአንድ ወደ ፊት ይዘልላል፤ ቁርስ ኖክስቪል ደርሼ እበላለሁ የሚል ይህን ይቁጠር። ኖክስቪል የዱቄቱ ከተማ ነው። ዋይት ሊሊ የተባለው ዱቄት በ1883 እ.ኤ.አ. እዚያ ተጀመረ፤ የከተማው ወፍጮ በ2008 እ.ኤ.አ. ቢዘጋም ከረጢቱ ዛሬም በየሱቁ አለ። የሚፈጨው ለስላሳ የክረምት ስንዴ ስለሆነ ፕሮቲኑ ከመቶ 9 ገደማ ብቻ ነው፣ ሊጡም እንደ ላስቲክ አይሳብም። በፉርኖ ዱቄት የሚሠራ ከእያንዳንዱ ኩባያ 2 የሾርባ ማንኪያ አንስቶ በኮርን ስታርች ይተካው። ከረጢት የሚገዛ ሰው ደግሞ ጽሑፉን አይቶ ይግዛ፦ ሰልፍ ራይዚንግ የሚለው ቤኪንግ ፓውደርና ጨው አስቀድሞ የገባበት ነው፤ በእሱ ሲሠራ ሁለቱም ከላይኛው ልክ ጨርሶ ይወጣሉ።